ድልድዩን የተሻገረው ዱቄት

ሰፈሩ ሁሉ «ሚዛን» ነበር የሚላት። በዱቄት ፋብሪካው በር ላይ ስንዴ ጭነው የሚገቡትንና ዱቄት ጭነው የሚወጡትን መኪኖች የምትመዝነው እሷ ስለሆነች ነው። እውነተኛ ስሟን የሚያውቁት ባሏና ደሞዝ ከፋዩ ብቻ ናቸው እያሉ ይቀልዱባት ነበር። እሷም ትስቅ ነበር። ያኔ ለመሳቅ ብዙ ምክንያት አያስፈልግም ነበር።

ነገሩ የተጀመረው በደስታ ነው። የሠራተኞች ኅብረት የሚባለው ግራ ዘመም ፓርቲ ምርጫውን ማሸነፉ በሬዲዮ ሲነገር ፋብሪካው ውስጥ ማሽን ቆመ። ድሮ የባቡር ጥገና ሠራተኛ የነበረ ሰው ፕሬዚዳንት ሊሆን ነው። ሴቶቹ ዱቄት በዱቄት እንደሆኑ ተቃቅፈው አለቀሱ። ሚዛን ቤቷ ስትገባ ግን ባሏን አንገቱን ደፍቶ ተቀምጦ አገኘችው። ባሏ የጭነት መኪና ሾፌር ነው። ወሬ ስለማይወድ ጓደኞቹ «ጭምቱ» ይሉታል።

«አንተ ደስ አላለህም እንዴ?»

«ደስ ብሎኛል» አላት። «እነሱን ግን ደስ አላላቸውም። ዝም ብለው የሚተዉን ይመስልሻል?»

እነሱ ያላቸው ባለሀብቶቹን ነው፤ ማን እንደሆኑ አልጠየቀችውም። ታውቃለች።

ለጥቂት ወራት ጭምቱ የተሳሳተ መሰለ። የዳቦ ዋጋ ቀነሰ። የፋብሪካው ባለቤት ሆን ብሎ ምርት አጓድሏል ተባለና መንግሥት ፋብሪካውን ተረከበው፤ ሰውዬውም ሻንጣውን ይዞ ውጭ አገር ገባ። ሠራተኛው ተሰብስቦ ኮሚቴ ሲመርጥ ሊቀመንበር ያደረገው ሚዛንን ነው። «ኧረ እኔ ንግግር አላውቅም» ብላ ብትከላከል፣ «አንቺ ዝም በይ፣ የሚዛንሽ መርፌ ትናገርልሻለች» ብለው ሳቁባትና እጃቸውን አወጡ።

ከዚያ የጭነት መኪና ባለንብረቶች አደሙ። መንግሥት መኪናችሁን ሊወርስ ነው የሚል ወሬ ተነዝቶ ነበር፤ ፕሬዚዳንቱ አንወርስም ብሎ በሬዲዮ ቢምል ቢገዘት የሚያምነው ጠፋ። መለዋወጫ ከውጭ አይገባም፣ አበዳሪዎች ፊታቸውን አዙረዋል። ችግሩ የእውነት ችግር ነው፤ ግማሹ ግን ታስቦበት የተሠራ ነበር። መኪኖቹ ከከተማው መውጫ ባለው ሜዳ ተኮልኩለው ቆሙ። ፋብሪካው እየፈጨ ዱቄቱን የሚያኖርበት አጣ፤ ከወንዙ ማዶ ባሉት ሰፈሮች ደግሞ ዳቦ ቤቶቹ ተራ በተራ ተዘጉ። ሰዉ ባዶ ዘንቢሉን ይዞ እየተሰለፈ፣ ዱቄቱን ደብቀው የያዙት ኮሚቴዎቹ ናቸው ማለት ጀመረ። አንድ ጠዋት ሚዛን በሯን ስትከፍት «ሌባ» የሚል ቃል በከሰል ተጽፎበት አገኘች። ትንሿ ልጇ ወደ ትምህርት ቤት ከመውጣቷ በፊት ለማጥፋት በእርጥብ ጨርቅ ፈተገችው፣ ፈተገችው። ከሰሉ በእንጨቱ ላይ ተለቅልቆ ቀረ እንጂ አልለቀቀም።

እሑድ ከሰዓት በኋላ የባሏ ታላቅ ወንድም መጣ። የመኪና ባለንብረቶቹ ማኅበር የአካባቢው ሰብሳቢ እሱ ነው። አባታቸው ሲሞት ጭምቱን ያሳደገው፣ መሪ ያስጨበጠው፣ የራሱን አሮጌ መኪና የሰጠውም እሱ ነው። ሚዛን ወንበር ሳበችለት።

«ጋሼ፣ ውሃ እንኳ ላምጣልዎት?»

«አልጠማኝም፣ እህቴ። ዱቄት የሚያሻግር ሾፌር እየተፈለገ ነው ሲሉ ሰምቼ ነው የመጣሁት።» አጠገቧ ወደተቀመጠው ወንድሙ አላየም፤ የሚናገረው ለእሷ ነው። «ይሄን ልጅ ከዚህ ነገር አውጪልኝ።»

«እኔ መች አስገባሁት?»

«ሊቀመንበሯ አንቺ ነሽ። እሱ ደግሞ አንቺን እያየ ነው የሚራመደው።» በከሰል ወደጠቆረው በር ዞር ብሎ፣ «ልጅቷ ከትምህርት ቤት በየት በኩል ነው የምትመለሰው?» አላት።

ሚዛን ብድግ አለች። «ለምን ጠየቁኝ?»

«እንዲያው ነው። በገበያው በኩል አትምጣ። ሰዉ ከፍቷል።»

ከሄደ በኋላ ባልና ሚስት ተያዩ። ሊያስጠነቅቃቸው ነው ወይስ ሊያስፈራራቸው? ጭምቱ፣ «ወንድሜ እኮ ነው» አለ። ሚዛን፣ «ወንድምህ መሆኑን አልካድኩም» አለችው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጅቷን ራሷ ታመላልሳት ጀመር። ከኋላቸው ሞተር ብስክሌት ቀስ ሲል የልጅቷን እጅ እስኪያማት ታጠብቀዋለች። «እማዬ፣ ምን ሆነሽ ነው?» ስትላት፣ «ምንም። ቶሎ ቶሎ ተራመጂ» ትላለች።

በዚያው ሳምንት አንድ ምክትል ሚኒስትር ፋብሪካው ድረስ መጣ። ገና ለጋ ነው፤ ኮቱ ሰፍቶታል፣ ድምፁም በንግግር ብዛት ተዘግቷል። በጠባቧ የሚዛን ክፍል ውስጥ ቆሞ፣ በማግስቱ ጠዋት ፈቃደኛ የሆኑ ሾፌሮች ዱቄት ጭነው ድልድዩን እንደሚሻገሩ፣ ወታደርም እንደሚያጅባቸው ነገራት።

«ወታደሮቹ የሚታዘዙት ለማን ነው?» አለችው።

«ለሕገ መንግሥቱ» አለ። መልሱ ጥሩ ነበር፤ ግን ዘገየ።

የመጡት ሾፌሮች ከእጅ ጣት አይበልጡም። ከመካከላቸው ጭምቱ አለ። ሚዛን ወደ ጥግ ጎተተችው።

«አንተ አትነዳም።»

«የሰው ባል ይንዳ፣ የእኔ ባል ይቅር ልትያቸው ነው?»

 ማለት የፈለገችው ልክ እንደዚያ ነበር፤ አፏ ግን እምቢ አላት።

«በቃ፣ ካፍሽ ባይወጣም ሰምቼሻለሁ» አለና ፈገግ አለ። ሲፈራ ነው እንዲህ የሚቀልደው።

ጠዋት ልጅቷን ጎረቤት አስቀምጣ ጋቢናው ውስጥ ከጎኑ ገባች። ውረጂ አላት፤ አልወርድም አለች። ከተሰለፉት የዱቄት መኪኖች ፊት አንድ የወታደር መኪና፣ ከኋላም አንድ ነበር። መንገዱ ጭር ብሏል። ሱቆቹ ዝግ ናቸው፤ መስኮት ላይ የሚታየው ሰውም መኪኖቹ ሲቀርቡ መጋረጃውን ይመልሳል። ጭምቱ እጁ ላብ በላብ ሆኖ መሪው እየሾለከበት፣ መዳፉን በሱሪው ይጠርጋል።

ድልድዩ አፍ ላይ ሲደርሱ የፊተኛው የወታደር መኪና ዳር ይዞ ቆመ። የወረደም፣ የተኮሰም የለም። ወታደሮቹ ዝም ብለው የሚያልፉ መኪኖችን እንደሚቆጥር ሰው ማየት ጀመሩ። ያኔ ግራና ቀኝ ከተሰበሰቡት አድመኞች ድንጋይ ወረደባቸው።

ከኋላ ያለው ሾፌር መኪናውን አቁሞ ሮጠ። ጭምቱ ግን አላቆመም። ሚዛን በሰዎቹ መሃል የባሏን ታላቅ ወንድም አየችው። እጁን ኪሱ ውስጥ ከቶ ቆሟል፤ አይወረውርም። አፉ ይንቀሳቀሳል፤ ተዉ ይበል በለው ይበል አልተሰማትም። ከዚያ የፊቱ መስታወት ፈንድቶ ጉልበቷ ላይ ፈሰሰ።

ዞር ስትል የባሏ ፊት በደም ተሸፍኗል።

«አላይም» አለ ቀስ ብሎ። «አንቺ ታያለሽ?»

«አያለሁ።»

«እንግዲያው ንገሪኝ።»

ሚዛን መኪና መንዳት አታውቅም። ግን የመኪና ጎማ ሚዛኑን እንዳይስት ስታስተካክል ነው የኖረችው። «ትንሽ ወደ ግራ» አለች። «በቃ። ቀጥ አድርገህ ሂድ። ሰው አለ፣ ቀስ በል። አሁን ሂድ።» ድምፁ የእሷ አልመስል አላት። እንዲህ እያለች ድልድዩን አሻገረችው። ማዶ ሲደርሱ ጭምቱ ሞተሩን አጥፍቶ ግንባሩን መሪው ላይ ደፋ።

ዱቄቱ ለዳቦ ቤቶቹ ታደለ። ሰዉ ተሰልፎ ዳቦውን ወሰደ። ግማሹ አመሰገነ፤ ግማሹ ዱቄቱ ውስጥ የመስታወት ስብርባሪ አለበት ብሎ አወራ።

ሆስፒታል ውስጥ ሐኪሞቹ የጭምቱን አንድ ዓይን ማትረፍ አልቻሉም። ሚዛን አልጋው አጠገብ ተቀምጣ ሳለ ነው ሬዲዮው የተናገረው፤ አድማው በስምምነት አበቃ፣ ፋብሪካው ለቀድሞው ባለቤት ይመለሳል፣ ምክትል ሚኒስትሩም ከኃላፊነቱ ተነሥቷል። ነርሷ ድምፁን ልትቀንሰው ስትል ጭምቱ፣ «ተይው፣ ይጨርስ» አላት።

ከኃላፊነት የተነሣው ምክትል ሚኒስትር ያለ ኮት፣ ያለ አጃቢ መጣ። አልጋው ግርጌ ቆመ።

«ባንፈርም ኖሮ ወታደሮቹ ቤተ መንግሥቱን ይከቡት ነበር» አለ። «ታንኩ ወጥቶ ነበር። ጊዜ ነው የገዛነው።»

«በማን ዓይን?» አለችው ሚዛን።

ሰውዬው አቀረቀረ። እውነቱን እንደነገራት ገብቷታል። ታንክ ሲወጣ ምን እንደሚሆን ለማወቅ መማር አያሻም። ቢሆንም ይቅር ልትለው አንጀቷ እሺ አላላትም። «ይግቡ» ሳትለው እንደገባ፣ «ይሂዱ» ሳትለውም ወጣ።

የባሏ ታላቅ ወንድም ግን በር ላይ ብቻ ነው የቆመው። ጭምቱ ኮቴውን ለይቶት፣ «ግባ፣ ጋሼ» አለው። አልገባም። ፊቱን በሁለት እጁ ይዞ ኮሪደሩ ውስጥ ሲያለቅስ ይሰማ ነበር። በማግስቱ አልመጣም፤ ከዚያ በኋላም አልመጣም።

የፋብሪካው ባለቤት ሲመለስ ሚዛንን ቢሮው አስጠራት። ወንበር ሰጣት። የተቆጣ አይመስልም፤ ያ ደግሞ ባሰባት።

«ፋብሪካዬን ደህና አድርገሽ ጠብቀሽልኛል» አለ። «አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። ዱቄቱ ድልድዩን በተሻገረ ቀን መጋዘኑን ክፈቱ ያለው ማን ነው?»

ከኮሚቴው ሌላ ሰው ስም እንድትጠራለት እንደሚፈልግ ገባት። ልጅቷ ታወሰቻት፣ ባሏ ታወሳት፣ የወር ደሞዟ ታወሳት።

«እኔ ነኝ።»

«ብቻሽን?»

«ብቻዬን።»

ሰውዬው አላባረራትም። ከሚዛኑ አንሥቶ ባዶ ጆንያ የሚራገፍበት ክፍል አስገባት፤ አቧራው ሳንባ የሚበላ ክፍል ነው። ከዚያ ወዲያ በየቀኑ ዛሬ ያባርረኛል፣ ዛሬ ያስይዘኛል እያለች ትገባለች። አለመባረሯ ራሱ ቅጣት ነበር።

ምርጫ እንደገና ሲቃረብ፣ ምሳ ሰዓት ላይ ሴቶቹ ልብስ መቀየሪያው ውስጥ ተሰብስበው ጠሯት። ኮሚቴው ቢፈርስም ማኅበር ማቋቋም በሕግ አልተከለከለም፤ አንቺ ምሪን አሏት። ከመካከላቸው ለባለቤቱ ወሬ የምታቀብል እንዳለች ሁሉም ያውቃል፤ ማን እንደሆነች ግን የሚያውቅ የለም። ሚዛን ፊታቸውን አንድ በአንድ አየች። እሺ ስትል ድምፅዋ ተሰብሮ ስለወጣ አንዷ፣ «ምን አልሽ?» አለቻት። ደገመችው።

ማታ ለራት ሲቀመጡ ለባሏ ነገረችው። መኪናው ከተሸጠ ወዲህ ጋራዥ ውስጥ ዕቃ አቀባይ ሆኗል። ያነሣውን ዳቦ ሳሕኑ ላይ መለሰ።

«ትፈሪያለሽ?» አላት።

«በጣም።»

«እኔም» አለ። ከዚያም፣ «በዚህ በኩል ዙሪና ተቀመጪ። እዚያ ሆነሽ አላይሽም» አላት።

ሚዛን ወንበሯን አንሥታ ወደ ደህናው ዓይኑ በኩል ዞረች።