የማንም ያልሆነ ወር

«ይሄ ደግሞ የየት አገር ነው?» አሉ ሀጂ ሙሐዲን፣ ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን የቀን መቁጠሪያ ወረቀት በዣንጥላቸው ጫፍ እየነካኩ። ከዣንጥላው የሚንጠባጠበው ውኃ ሦስተኛው ወር ላይ ሊያርፍ ሲል ሩፈይዳ ከኮምፒውተሩ ፊት ዘላ ተነሳችና ወረቀቱን በእጇ ከለለችው።

«ዙርማ የሚባል አገር ነው፣ ሀጂ። በካርታ የለም። እኔ ነኝ የፈጠርኩት።»

ነሐሴ መጨረሻ ላይ ጊንጆ ሰፈር ውስጥ ማተሚያ ያለው ሁሉ ሥራው አንድ ነው፤ የግድግዳ ቀን መቁጠሪያ። ፋርማሲው፣ ፀጉር ቤቱ፣ ወፍጮ ቤቱ፣ ሁሉም ስሙንና ስልኩን ከመስከረም በላይ ተጽፎ ማየት ይፈልጋል። ሩፈይዳ በሸዋረገጥ ማተሚያ ቤት ዲዛይን የምትሠራ ልጅ ናት። ቀኑን ሙሉ የሰው ዓመት ስትደረድር ትውልና ሥራ ቀዝቀዝ ሲል የራሷን ዓመት ታወጣለች። ዓመታት የለፋችበት ልቦለድ አላት። ተጽፎ አልቋል፤ የሚያሳትመው ግን ጠፍቷል። አዲስ አበባ ድረስ ሄዳ የጠየቀቻቸው ሁሉ «ወጪውን ራስሽ ቻይ» ብለው መልሰዋታል፤ እሷ ደግሞ ወጪውን ብትችል ኖሮ እነሱን ምን ትለምን ነበር! ግድግዳው ላይ ያለው የዚያ የልቦለድ አገር ቀን መቁጠሪያ ነው።

ሀጂ ሙሐዲን የሊሙ ገነት ቡና ነጋዴ ናቸው። የመጡትም ለደንበኞቻቸው የሚታደል ቀን መቁጠሪያ ሊያዝዙ ነበር። መነጽራቸውን አውጥተው ወረቀቱ ላይ ተደፉ።

«ነጭ ሽታ… ጭቃ ጫማ… ዝንጀሮ ጥበቃ…» እያሉ የወሮቹን ስም አነበቡና ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። «ቀይ ጣት! ወላሂ ይሄ የለቀማ ወር ነው። ስንት ቀን አለው?»

«የተቆረጠ ቀን የለውም። ቡናው ተለቅሞ ሲያልቅ ያልቃል። ዝናቡ ካስቸገረ ወሩም ይረዝማል።»

«ማሻአላህ! እኛ ሊሙ እኮ እንደዚሁ ነው የምንኖረው። ወረቀት ላይ አላየነውም እንጂ።»

የማተሚያ ቤቱ ባለቤት ሸዋረገጥ ከወረቀት መቁረጫው ኋላ ብቅ አለች። ደንበኛ በወሬ ሲያዝ አይመቻትም። «ሀጂ፣ ይልቅ የእርስዎን ትዕዛዝ እንነጋገር። የእሷ አገር ወሬ ማለቂያ የለውም፤ መጽሐፍ ሙሉ ጽፋለታለች።»

«የኔ ትዕዛዝ ይሄው ነው። ይሄን ነው ለደንበኞቼ የማድለው።» ወደ ሩፈይዳ ዞሩ። «መጽሐፍም አለው አሉ። እሱንም እኔ አሳትመዋለሁ፣ ሙሉ ወጪው በኔ። አንድ ነገር ብቻ ታደርጊልኛለሽ፣ ኢንታላ ኮ፣ ልጄ።»

ሩፈይዳ ያን ሁሉ ደጅ የጠናችለት ነገር በእግሩ መጥቶ ከፊቷ ቆሟል።

«ምን ላድርግልዎ ሀጂ?»

«ዘጠነኛውን ወር አብዱልሃዲ በይው። የአባቴ ስም ነው፣ አላህ ይርሀመው። ያን ሁሉ ቡና በእጁ ተክሎ ሞተ። ፎቶ እንኳ የለውም፤ ልጆቼ መልኩን አያውቁትም። ስሙ አንድ ቦታ ይኑርልኝ።»

የሀብታም ጉራ ቢሆን መልሱ አይጠፋትም ነበር። ሰውዬው ግን ከልባቸው ነው፤ ድምፃቸው መጨረሻው ላይ ቀጠነ። ሩፈይዳ አዘነችላቸው፤ ማዘኗ ደግሞ ነገሩን አከበደባት።

«ሀጂ… በዙርማ ወር በሰው ስም አይጠራም። ሕግ ነው።»

«የማን ሕግ?»

«የሕዝቡ። ድሮ አንድ ንጉሥ ወሮቹን ሁሉ በራሱ፣ በልጆቹ፣ በፈረሱ ሳይቀር ሰይሟቸው ነበር። ሰው ቀጠሮ ለመያዝ እንኳ የንጉሡን ፈረስ ስም መጥራት ነበረበት። ከዕለታት አንድ ቀን ሕዝቡ አንጠራም አለ። ሰርግ ቀረ፣ ገበያ ተዛባ፤ ማንም ግን የወር ስም ከአፉ አላወጣም። ከዚያ በኋላ ነው ወሮቹን በየሥራቸው የሰየሟቸው። መጽሐፉ በሙሉ ስለዚህ ነው።»

«አንቺ ልጅ፣ ጤና የለሽም?» አለች ሸዋረገጥ። «የሌለ አገር ሕግ ብትጥሺ ማን ሊከስሽ ነው? አንድ ወር እኮ ነው!»

ሀጂ ግን አልተቆጡም። መነጽራቸውን አስተካክለው ወደ ወረቀቱ ተመለሱ፤ ጣታቸውም ስድስተኛው ወር ላይ ቆመ።

«ይሄ ‹ጠሃ› ይላል። ጠሃ ልብስ ሰፊውን የማላውቀው መሰለሽ? የለበስኩትን ኮት የሰፋልኝ እሱ ነው። አባትሽ አይደለም እንዴ?»

ሩፈይዳ ፊቷ ጋለ። ሌላ ሰው ቢያየው የዙርማ ቋንቋ ነው ብሎ ያልፈዋል። በልቦለዱ ውስጥ ጠሃ ብርድ ሳይገባ ሰው ሁሉ ልብሱን የሚጠግንበት ወር ነው። አንድ ቢሆን ምን አለበት፣ ማንም አያውቅም ብላ ነበር የሰነቀረችው።

«አየሽ፣ ያንቺ አባት ገብቷል» አሉ ሀጂ። «የኔ አባት ምን አጠፋ?»

«እውነትዎን ነው» ብላ ተቀመጠችና ፋይሉን ከፈተች። ሀጂ ፈገግ አሉ። ሸዋረገጥም እፎይ ብላ የትዕዛዝ ደረሰኙን ፍለጋ መሳቢያዋን ሳበች።

ሩፈይዳ ጠቋሚውን ስድስተኛው ወር ላይ አሳረፈች። ሁለት ፊደል ናት። አባቷ ከሞተ ወዲህ ስሙ የሚገኘው ከእሷ ስም ቀጥሎ መታወቂያዋ ላይ ብቻ ነው፤ እዚያም ሰው የሚያየው ፎቶዋን ነው። ይናፍቃታል። ጣቷ ማጥፊያው ላይ ቆይቶ ቆይቶ ተጫነው።

«ምን አደረግሽ?» አሉ ሀጂ።

«አወጣሁት።»

«የአባትሽን ስም? አስተግፊሩላህ! እኔ ጨምሪ አልኩ እንጂ መቼ አውጪ አልኩሽ?»

«ንጉሡም ክፉ ሆኖ አልጀመረም፣ ሀጂ። አባቱን ወዶ ነው የጀመረው። የመጀመሪያው ወር የአባቱ ስም ነበር።» ድምፅዋን ዝቅ አላደረገችም። «ስላሳዩኝ አላህ ይስጥልኝ። የኔም አይገባም፣ የእርስዎም አይገባም።»

ሀጂ ሙሐዲን እየደጋገሙ አዩዋት። ከዚያ ወደ ሸዋረገጥ ዞረው «ለኔ የተለመደውን ሥሪልኝ» አሉ። «መስከረም፣ ጥቅምት። ከላይ የቡና ፎቶ ይኑርበት።» ስለ መጽሐፉ አንድም ቃል ሳይተነፍሱ ወጡ።

«ደጅሽ ድረስ የመጣ ሲሳይ መለስሽ» አለች ሸዋረገጥ፣ በሩ እንደተዘጋ።

«ይመለስ።»

«ማን ሊያሳትምልሽ ነው አሁን?»

«ራሴ። ማታ ሥራ ስንዘጋ የመጀመሪያውን ምዕራፍ እዚሁ አትማለሁ፤ ወረቀቱንም ቀለሙንም ከደሞዜ ይቁረጡት። ሰው ካነበበው ሁለተኛውን አትማለሁ።»

ሸዋረገጥ መጥታ ከልጅቷ ኋላ ቆመችና ባዶውን ቦታ አየች። «እንግዲያው ስፌት በይው» አለች ለስለስ ብላ። «የሰው ስም አይደለም፤ አባትሽም አይቀርብሽም።»

የሩፈይዳ ጣት ወደ ፊደሉ ሄደ። ምንኛ ደስ ባላት! ግን እጇን ሰበሰበች።

«እትዬ ሸዋረገጥ፣ እሱማ በጓሮ በር መልሶ ማስገባት ነው።»

ብርድ ሳይገባ የሚጠገነው ልብስ ብቻ አይደለም፤ ባዶው ቦታ ላይ «ጣሪያ ጥገና» ብላ ጻፈች። የፊደሉን መጠን ከሌሎቹ ወሮች ጋር እኩል አደረገችና አትም የሚለውን ተጫነች።