የምን ማሳረፊያ?

ሸክሙን ያወረደበትን ድንጋይ የረሳ ሰው ውሎ አድሮ ድንጋዩን ማፍረሱ አይቀርም። ውለታ ቢስነት ከሌሎች ነውሮች የሚከፋውም ስለዚህ ነው፤ በመርሳት አያበቃም፣ አስታዋሹንም ሊያጠፋ ይነሣል። አንባቢ ይህን በቃላችን ብቻ እንዲቀበለን አንሻም። በአንድ የመንገዶች መሥሪያ ቤት የሆነው ነገር ይመስክር።

በመሥሪያ ቤቱ ሁለተኛ ፎቅ፣ ከመስኮቱ ሥር ባለው ሰፊ ጠረጴዛ ላይ አንዲት ንድፍ ሠሪ ትሠራ ነበር። እጇ የረጋ፣ ንግግሯ ቁጥብ፣ እርሳሷን እንደ መርፌ አሹላ የምትይዝ ሴት ናት። በዚያ ዓመት የተሰጣት ሥራ የቅኝ ገዥው ጦር በጊዜው የሠራውንና አሁን ለእግረኛ ጎብኚዎች ሊከፈት የታሰበውን የተራራ መንገድ፣ ግንቡን፣ ቦዩንና ድልድዩን አንድ በአንድ ለክታ በወረቀት ማስፈር ነበር። መንገዱ ከሸለቆው ተነሥቶ ዐሥራ አንድ ጊዜ እየታጠፈ አፋፉ ላይ ይወጣል። በየመታጠፊያው፣ ወገብ ድረስ የሚደርስ፣ ከላይ የለሰለሰ የድንጋይ መደብ አለ።

የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ስለዚሁ መንገድ መጽሐፍ ይጽፍ ነበር። ሠራተኞቹ እሱ በሌለበት «አቶ አውቃለሁ» ይሉታል፤ ጥያቄው ሳያልቅ መልሱን መጀመር ልማዱ ነውና። በመጽሐፉ የጦሩ መሐንዲሶች መንገዱን ከባዶ ተራራ እንደ ፈለፈሉት፣ አያቱም የጦሩ መንገድ መሪ ሆኖ መስመሩን እንዳወጣላቸው አትቷል። ስለ መደቦቹ አንድ የሸለቆ ገበሬ ጠይቆ «ማሳረፊያ ነው የምንላቸው» የሚል መልስ አገኘ። የምን ማሳረፊያ ብሎ አልጠየቀም። «የጠመንጃ ማሳረፊያ» ብሎ ጻፈ።

ንድፍ ሠሪዋ ግን የምን እንደ ሆኑ ታውቃለች። ወላጆቿን ገና ዳዴ ስትል አጥታ ያሳደጓት አክስቷ ናቸው። ጦሩ ለቅቆ ሲሄድ የታችኛው ድልድይ ፈርሶ መኪና ስለ ቀረ፣ አክስትየዋ እንደ እናታቸው ሁሉ በዚያ ዳገት ጨው፣ ላምባና ጣውላ በጀርባቸው ሲያመላልሱ ሃያ ስድስት ዓመት ኖረዋል። የልጅቷ ደብተር፣ ማስመሪያና የመጀመሪያ ጫማ የመጡት ከዚያ ጀርባ ነው። ይህንንም አንድ ቀን ረስታው አታውቅም።

ከሥራ ስትመለስ ንድፉን አክስቷ ፊት ዘረጋችው።

«አክስቴ፣ እነዚህ የጠመንጃ ማሳረፊያ ናቸው ብሎ ጽፏል።»

አክስትየዋ መነጽራቸውን አስተካክለው ጎንበስ አሉ። «በየት በኩል ነው የሣልሻቸው?»

«በተራራው በኩል ነዋ። መደቦቹ ያሉት እዚያ ነው።»

«ታዲያ ወታደሩ የሚተኩሰው ተራራውን ነው? ተራራው ምን በድሎት?»

ልጅቷ ሳቀች። አክስትየዋ ግን ጣታቸውን ሦስተኛው መታጠፊያ ላይ አሳረፉ።

«ይሄ ኃላፊያችሁ፣ እናቱ እዚህ ላይ አውርዳ ነበር የምታጠባው። ከኋላ ጣውላ፣ ከፊት እሱን ተሸክማ። እሷ ገመዷን እስክታጠብቅ እኔ እይዘው ነበር። ወፍራም ነበር፤ ከጣውላው አይተናነስም።»

«እሱ የሚያወራው ስለ አያቱ ብቻ ነው።»

«በቅሎን አባትሽ ማነው ቢሏት፣ ፈረስ አጎቴ ነው አለች። አያቱ ለጦሩ መንገድ አላሳየም አልልሽም። ያሳየው ግን የእናቶቻችንን መንገድ ነው። ባዶ እጁን የሚሄድ ሰው ቀጥ ብሎ ነው የሚወጣው፤ ጠምዘዝ ማለትን የሚያውቅ ባለሸክም ነው።»

በማግሥቱ ንድፍ ሠሪዋ መዝገብ ቤት ገብታ የጦሩን የመጀመሪያ ካርታ አስወጣች። መሐንዲሶቹ ራሳቸው፣ አንድ አካፋ ሳይነሣ በፊት፣ በነጠብጣብ መስመር «የድሮ የእግር መንገድ» ብለው አስፍረዋል። የራሷን ስስ ወረቀት በላዩ ብታነጥፈው ዐሥራ አንዱም መታጠፊያ ልክ በልክ ገጠመ። በየመደቡ ሥር «የሸክም ማሳረፊያ» ብላ ጻፈች፤ ቀን አስፍራ፣ ፈርማ፣ አንዱን ቅጂ መዝገብ ቤት አስገብታ ሌላውን ለኃላፊው ወሰደች።

«ይህን ማን ነገረሽ?» አላት።

«ካርታው ጌታዬ። አክስቴም ታውቃለች። እናትዎን ጭምር ታውቃቸዋለች፤ ሦስተኛው መደብ ላይ...»

«እናቴ የቤት እመቤት ነበረች» አለ፣ ዓይኑን ከወረቀቱ ሳያነሣ። «ሸክም ተሸክማ አታውቅም። ይህን ለውጠሽ ፈርሚ። እምቢ ካልሽ ጠረጴዛሽን የሚመኝ ሞልቷል።»

«ያየሁትን ነው የሣልኩት። ያላየሁትን ልሣል ብል እጄ እሺ አይለኝም።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ከመስኮቱ ሥር ተነሥታ ኮሪደሩ ጥግ፣ ከተሰበሩ ወንበሮች ጎን ተቀመጠች። የመሰናበቻ ደብዳቤዋም ከመንገዱ ምርቃት በኋላ እንደሚጻፍ ተነገራት። ኃላፊው በዚህ አላበቃም። ግንበኛውን ጠርቶ ሦስተኛውን መደብ ከተራራው ጎን አፍርሶ በገደሉ ጠርዝ እንዲገነባው በጽሑፍ አዘዘ፤ ጠመንጃ የሚያሳርፍ መስሎ እንዲታይ። ከዐሥራ አንዱ መጀመሪያ ያንን መምረጡ አጋጣሚ አልነበረም።

ግንበኛው ታዝዞ ሠራ። ሁለት ቀን ውሎ ግን ንድፍ ሠሪዋ ወዳለችበት ኮሪደር ጥግ መጣ።

«እህቴ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ። የሦስተኛው መደብ የፊት ድንጋይ ተወልውሏል። በመዶሻ አይደለም፣ በውኃም አይደለም። ሠላሳ ዓመት ድንጋይ ስጠርብ እንዲህ ያለ አላየሁም።»

«የሰው ጀርባ ነው ወንድሜ።»

ግንበኛው መዳፉን ገልብጦ አየ። «እኔ ነኝ ያፈረስኩት እኮ» አለ። ትእዛዙን ከኪሱ አውጥቶ ሰጣት።

ጥንታዊ ሥራዎችን የሚጠብቀው የቅርስ ጉባኤ ከምርቃቱ በፊት መንገዱን ሊመረምር በመጣ ጊዜ፣ ንድፍ ሠሪዋ አክስቷን በክንዷ ደግፋ፣ ግንበኛውንም አስከትላ ሦስተኛው መታጠፊያ ላይ ጠበቀች። ኃላፊው ከፊት እየመራ ያስረዳል። የጉባኤው ሰብሳቢ ዝምተኛ ሴት ነበሩ።

«ሌሎቹ በተራራው በኩል ናቸው» አሉ። «ይኼኛው ብቻ ምነው ወደ ገደሉ ዞረ?»

«ዋናው የመከላከያ ቦታ ስለነበረ ነው። ጉዳዩን በደንብ አውቃለሁ።»

«እኔም ትንሽ አውቃለሁ» አሉ አክስትየዋ። «ከፈቀዳችሁ አራተኛው ላይ ላሳያችሁ።»

ጥቂት ወጥተው አራተኛው መታጠፊያ ደረሱ። ግንበኛው ግማሽ ከረጢት አሸዋ በገመድ ጀርባቸው ላይ አሰረላቸው። የሰባ ስምንት ዓመቷ አሮጊት ዘወር ብለው ፊታቸውን ለሸለቆው፣ ጀርባቸውን ለተራራው ሰጡና ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ አፈገፈጉ። ከረጢቱ ድምፅ ሳያሰማ መደቡ ላይ ተቀመጠ። ገመዱን ፈትተው ቀና አሉ፤ ማንም አላገዛቸውም። ከዚያም ሳያስቡት፣ ሃያ ስድስት ዓመት እንዳደረጉት፣ ድንጋዩን በመዳፋቸው ሁለት ጊዜ መታ መታ አደረጉት።

«አሁን ታች ወዳለው ሄጄ ልድገመው?» አሉ ሦስተኛውን እያመለከቱ። «ሸክም የያዘ ሰው ጀርባውን ለገደል አይሰጥም።» ወደ ኃላፊውም ዞሩ። «አንተ ልጅ፣ እዚያ ቦታ ስንት ቀን ይዤሃለሁ። ያኔ ብጥልህ ኖሮ ዛሬ ማን ያፈርሰው ነበር?»

ኃላፊው አውቃለሁ አላለም።

ሰብሳቢዋ ንድፉን ጠየቁ። መዝገብ ቤት የገባው ቅጂ መጣ፤ ቀኑ ከመፍረሱ በፊት ነው፤ ሦስተኛው መደብ በተራራው ጎን ተሥሏል። የግንበኛው ትእዛዝም ከጎኑ ተቀመጠ። ከዚያ በኋላ ብዙ ክርክር አላስፈለገም። ንድፍ ሠሪዋ ወደ መስኮቷ ተመለሰች፤ ግንበኛውም ያለማንም አዛዥ በእረፍት ቀኑ ወጥቶ እያንዳንዱን ድንጋይ ወደ ቦታው መለሰ። በመንገዱ መነሻ በተተከለው ሰሌዳ ላይ የጦሩ ስም ሁለተኛ መስመር ላይ ሰፈረ፤ የመጀመሪያው መስመር «ይህን መንገድ ያወጡት ተሸካሚዎች ናቸው» ይላል።

መንገዱ የተከፈተ ዕለት ንድፍ ሠሪዋ አክስቷን ሦስተኛው መደብ ላይ አስቀመጠቻቸው። ድንጋዩ ፀሐይ መትቶት ሞቋል።

«አክስቴ፣ ያን ሁሉ ዓመት ማንም አመስግኖሽ ያውቃል?»

«እኔ ነኝ እንጂ የማመሰግነው። ይሄ ድንጋይ ባይኖር አንቺን ማን ያሳድግልኝ ነበር?»

ልጅቷ ጎንበስ ብላ ድንጋዩን ሁለት ጊዜ መታ መታ አደረገችው፤ የአክስቷንም እጅ ሳመች።

ኃላፊው ቅርስ በማፍረስና ሐሰተኛ ሰነድ በማዘዝ ተከሶ ጥፋተኛ ተባለ። ከሥራው ተሰናበተ፤ መጽሐፉ ሳይታተም ቀረ፤ የዐሥራ ስምንት ወር እስራትም ተፈረደበት።