በሩሲያኛ የታጣው ቃል

«ዓይኗ ደረቅ ነው» አለች ተናኜ፣ ድምጿን ዝቅ ያደረገች መስሏት። «ወንድሜ አፈር ከገባ ይኸው ሦስተኛ ቀኑ። አንዲት ዘለላ እንባ! ምነው እቴ፣ ባል አይደል እንዴ የሞተባት?»

የሺአረግ ሰምታለች። መሬት ከተነጠፈው ፍራሽ ላይ ተቀምጣ፣ ለሐዘኑ የተቀደደውን የሸሚዟን አንገትጌ በጣቷ ታፍተለትላለች። እስራኤል አገር፣ ኪርያት ሀሻሮን ያለው የልጇ ቤት በሰው ጢም ብሏል። መስተዋቱ እንደ አይሁድ የሐዘን ወግ በአንሶላ ተሸፍኗል። ሊፍቱ በተከፈተ ቁጥር አዲስ ለቀስተኛ ከደጅ ይጮኻል፣ ሴቶቹም ተቀብለው ያለቅሳሉ። እሷ ብቻ እንደ ድንጋይ።

ልታለቅስለት ጠልታ አይደለም። ባሏን አባተን ባሰበች ቁጥር ግን ፊቷ ድቅን የሚለው ያ የጥንቱ ቂም ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን በመጡ ዓመት፣ በካራቫን ሠፈር ሳሉ፣ የሁለት ዓመት ልጃቸው ይርሳው በሳንባ ምች ሞተባቸው። ካራቫን ማለት ጎማ ላይ የቆመ የቆርቆሮ ቤት ነው። ግማሹ የእነሱ፣ ግማሹ ከሩሲያ የመጡ ሰዎች። ግድግዳው ከመሳሳቱ የተነሣ ወዲያ ማዶ ያስነጠሰውን ከወዲህ «ይማርህ» ትለዋለህ። የሺአረግ እንደ አገሯ ወግ ደረቷን እየደቃች ስትጮኽ፣ ከማዶ አንዲት ሕፃን ደንግጣ እሪ አለች። ዘበኛው መጣና ጣቱን ከከንፈሩ ላይ አድርጎ «ሽሽ» አላት። ከዚያ ወዲያ ነጠላዋን ነክሳ ዋለች።

አባተስ ምን አደረገ? በማግስቱ ከሰዓት በኋላ የቀሩትን ሁለት ልጆች አስከትሎ ውልቅ! በዝናብ! ሲመሻሽ በስብሶ ተመለሰ። በሌላውም ቀን እንዲሁ፣ ሐዘኑ እስኪያልቅ እንዲሁ። በአገራቸው ሐዘንተኛ ብቻውን አይተውም፣ ጎረቤት እንኳ አብሮት ያድራል። እሱ ግን ጥሏት ይወጣል። አንድ ቀን በመስኮት ብታይ፣ ከዚያ ከሩሲያዊው ጎረቤት ጋር አጥሩን ይዞ ሲዞር አየችው። በዚያ ሰዓት ከማዶ ኮሽታ ስለማይሰማ ልቧ እስኪወጣ ትጮኽ ነበር፤ ያንን እንኳ ዕድል ነው ብላ ተወችው። ለምን ጣልኸኝ ብላ ግን አልጠየቀችውም። ቂሟን እንደያዘች ልጅ አሳደገች፣ ልጅ ዳረች፣ አረጀች።

«ሳፍታ፣ የሳባ ጓደኛ መጣ» አለች የልጅ ልጇ ኦርታል፣ ሴት አያቷንና ወንድ አያቷን በዕብራይስጥ እየጠራች።

ሴምዮን ነው፣ ያው ሩሲያዊ። ባርኔጣውን በእጁ፣ ምርኩዙን በክንዱ ይዟል። እሱና አባተ ዓርብ ዓርብ ከባሕሩ በላይ ካለው አግዳሚ ላይ ተቀምጠው ይውሉ ነበር። የሺአረግ አንድም ቀን ፊት ሰጥታው አታውቅም።

«እስቲ እሱም ያውራልን!» አለች ተናኜ። «ወንድሜ ከእኛ ይልቅ ከሱ ጋር አይደል የሚውል?»

ለሽማግሌው ወንበር ሰጡትና ተቀመጠ። በሚንተባተብ ዕብራይስጡ ጀመረ፣ ኦርታል ወደ አማርኛ ትመልሳለች።

«በአገሬ የእንግሊዝኛ መምህር ነበርኩ። አባተም ጎንደር ተማሪ ቤት ሳለ ጥቂት ቆንጥሯል። ዕብራይስጥ ሁለታችንም ገና ነበርንና በዚያችው እንግባባ ነበር። ልጁ በሞተ ሰሞን በሬን አንኳኳ። ‹ሚስቴ ማልቀስ አለባት። ሰው ይሰማል። አታለቅስም› አለኝ። ቃል አለቀበትና ቆሞ አየኝ። የፈለገው ገባኝ። ‹ፕራይቬሲ› አልኩት።»

ኦርታል ቆም አለች። «ይኼ በዕብራይስጥ ‹ፕራቲዩት› ነው። በአማርኛ...»

«ብቸኝነት ነዋ» አለች ተናኜ።

«አይ ዶዳ ተናኜ፣ ብቸኝነት መጥፎ ነው። ይኼ ጥሩ ነው።»

«ምስጢር?»

«እሱም አይደለም። ሰው የማያይሽ፣ የማይሰማሽ... ግን ጥሎሽ አይደለም። ኡፍ፣ አላውቅም!»

ሴምዮን ነገሩ ገብቶት ፈገግ አለ። «አትድከሚ፣ ልጄ። እኔም ዕድሜ ልኬን ሳስተምረው፣ ተማሪዎቼ ‹በሩሲያኛ ምንድን ነው?› ሲሉኝ፣ ልኩን የሚሞላ ቃል አላገኘሁለትም። ለአባተም ‹በእኛ ቋንቋ የለም› አልኩት። ‹በእኛም የለም› አለኝ። ትንሽ አሰበና ‹እንግዲያው ካፖርትህን ልበስ› አለኝ።»

ኦርታል መልሳ ስትጨርስ ሴምዮን ቀጠለ።

«እኔ ሚስቴንና ልጄን፣ እሱ ልጆቹን ይዘን ወጣን። አጥሩን እንዞራለን። ልጄ ‹ወዴት ነው የምንሄደው?› ትለኛለች፣ ምን ልበላት? አባተ ዓይኑ ከበራችሁ ላይ ነው። አንድ ቀን ዘበኛው ወደዚያ ሲያመራ ሮጦ ክንዱን ያዘውና ከእኛ ጋር አዞረው። እሱም ምንም ሳይገባው በዝናብ አብሮን ዞረ!»

የሺአረግ ቀና አለች። ታያት። በዚያ ጨፍጋጋ ሰማይ ሥር ሁለት ቤተ ሰብ፣ አንድ ዘበኛ፣ የሰው ልጅ በሰው አገር፣ እሷ አንዲቷ ሴት ጮኻ እንድታለቅስ ብሎ ጭቃ ለጭቃ ሲዞር። እሷ የተጣለች መስሏት ስትጮኽ፣ ለካ ዙሪያዋን እየዞሯት ኖሯል።

«ታዲያ ለምን አልነገረኝም?» አለች። ሦስት ቀን ሙሉ ካፏ የወጣ ረጅሙ ነገር ይኸው ነበር።

ኦርታል ጠየቀችው። ሴምዮን ባርኔጣውን ከጉልበቱ ላይ አዟዟረ።

«እኔም ጠይቄዋለሁ። ‹ከነገርኳት ስንጠብቃት እንደነበር ታውቃለች። ያን ጊዜ ብቻዋን አላለቀሰችም ማለት ነው› አለኝ።»

የሺአረግ ከንፈሯ ተንቀጠቀጠ። ሽማግሌው ያንን እንዳየ ምርኩዙን ተደግፎ ተነሣ፣ ባርኔጣውን አጠለቀ፣ ለሰዉም በእጁ ወደ በሩ አመለከተ። መጀመሪያ የገባው ለተናኜ ነው።

«ተነሡ!» አለች፣ ድምጿ እየተሰበረ። «ምን ትጠብቃላችሁ? ልጆቹንም ያዙ። ውጡ፣ እንውጣ!»

ቤት የሞላው ሰው አንድ ቃል ሳይተነፍስ እየተደጋገፈ ወጣ። ኦርታል በሩን ይዛ ቆመች። መጨረሻ ላይ ሴምዮን በፍራሹ አጠገብ ሲያልፍ፣ የካፖርቱን እጅጌ አንዳች ነገር ያዘው።

«አንቱስ ይቆዩ» አለችው የሺአረግ።

አማርኛ አይሰማም። እሷም ሌላ ቋንቋ አልፈለገችለትም። ከፍራሹ ዳር ሸሸት አለችና ቦታ ለቀቀችለት። ጉልበቱ እየተንቋቋ ወርዶ ተቀመጠ። በሩ ተዘጋ፤ ሊፍቱ ለቀስተኛውን ይዞ ሲወርድ ተሰማ።

ያን ጊዜ የሩሲያዊውን እጅጌ እንደጨበጠች «አባተ!» ብላ ጮኸች።