ጡሩንባ ነፊው በአጅማን የትግል መድረክ

ለአፍ ዳገት የለውም ይባላል፤ ለዘመድኩን ግን ሜዳውም ዳገት ነበር። ቁመቱ ከበር መቃን ጋር የሚተናነቅ፣ ትከሻው ሁለት ሰው የሚያስቀምጥ ይህ ግዙፍ ሰው አንደበቱን ሲፈልገው አያገኘውም፤ ቢያገኘውም ከሰላምታ አያልፍም። ቡር ዱባይ ባለ አንድ ሆቴል በር ላይ አራት ዓመት ዘብ ሲቆም ይህ ጠባዩ አልጎዳውም፤ እንዲያውም አስመስግኖታል። ወረርሽኙ መጥቶ ሆቴሉ ሲዘጋ ግን ሥራውም የመኖሪያ ፈቃዱም አብረው ተዘጉ። የቀሩት ሁለት መንገዶች ነበሩ፦ ወይ በተመላሾች አውሮፕላን መሳፈር፣ ወይ ሀምዛ።

ሀምዛ የከሚሴ ሰው ነው፤ ከዱባዩ የዴራ ገበያ ሸቀጥ በጅምላ እየገዛ ወደ አገር ቤት የሚልክ ነጋዴ ነበር። በረራው ሲቋረጥ አጅማን ያለው መጋዘኑ ባዶውን ቀረ። ባዶ ቤት ማየት የማይሆንለት ሰው ነውና መካከሉ ላይ ገመድ ወጥሮ፣ ፍራሽ ደልድሎ የትግል ትርኢት ጀመረ። ትርኢቱ የሚታየው በስልክ ነው። ተመልካቾቹም በየቪላው በር የተዘጋባቸው የቤት ሠራተኛ የአገር ልጆች ሲሆኑ፣ ዓርብ ከሰዓት በኋላ ማዳም የቀን እንቅልፏን ስትተኛ ስልካቸውን ይከፍታሉ።

አሸናፊው አስቀድሞ የሚወሰን መሆኑን ሀምዛ ከታጋዮቹ አልሸሸገም። «ማን እንደሚወድቅ የማውቀው እኔ ነኝ» ይል ነበር። «አዳራሹ ሰው ቢኖረው ጡንቻ ያያል። አሁን ምን አለ? ግድግዳ! ስልክ ላይ ያለችውን እኅት የሚይዛት አፍ ነው። ትግሉ አሥር ደቂቃ፣ ዛቻው ግማሽ ሰዓት። ገባህ?»

ዘመድኩን ገብቶታል። ያልገባው አደራረጉ ነው።

የሚገጥመው ፈንታን ነበር። ፈንታ ዕድሜው አምሳ የተጠጋ፣ ከራሱ በፊት ሆዱ ቀድሞ መድረክ የሚወጣ፣ በወጣትነቱ አዲስ አበባ የታክሲ ረዳት የነበረ ሰው ነው። ለልምምድ ማይኩን ሲቀበል በመኪና በር ላይ እንደተንጠለጠለ ሁሉ አንድ እጁን ዘርግቶ ጮኸ።

«ሆስፒታል፣ ሆስፒታል፣ ሆስፒታል! አንድ ሰው የቀረው! ዘመድኩን፣ ግባ ወንድሜ! ወራጅ የለም ብለህ አትፍራ፤ ወራጅማ አለ፣ በቃሬዛ!»

የካሜራው ሠራተኛ እንኳ ሳቀ። ተራው ለዘመድኩን ደረሰ። ማይኩን ተቀብሎ አስቀድሞ በሳኒታይዘር ጠረገው፤ ቀጥሎ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣ።

«እንደምን ዋላችሁ? ቤተሰብ ሁሉ ደኅና ነው? ጋሼ ፈንታ በዕድሜም በልምድም ይበልጡኛል። ጉዳት እንዳይደርስባቸው የተቻለኝን ሁሉ አደርጋለሁ። አመሰግናለሁ።»

ሀምዛ ራሱን ይዞ ተቀመጠ። «ይኼ ዛቻ ነው ወይስ የሥራ ማመልከቻ?»

«ታላቅ ሰው አይሰደብም፣ ጋሼ።»

«ሙሽኪላው፣ ችግሩ ይኸው ነው! ስማኝ፤ ለአንድ ሰው የሚሆን የመኖሪያ ፈቃድ ነው የቀረኝ። የፊታችን ዓርብ ካልተናገርክ፣ ዋላሂ፣ ኸላስ፣ አበቃ! አውሮፕላንህን ተሳፈር።»

በነጋታው ዘመድኩን አንድ የጭነት መኪና ለምኖ፣ የሻርጃን የመኪና ሰልፍ ሁለት ሰዓት ታግሦ ዱባይ፣ አል ዋርቃ ሰፈር ደረሰ። እዚያ በአንድ ቪላ የምትሠራው ሐረገወይን የደብረ ብርሃን ጎረቤቱ ናት፤ በምላስ የሚያህላት እንዳልነበረ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ቆሻሻ ለመጣል ስትወጣ ጠብቆ፣ በሁለት ሜትር ርቀት ቆሞ ጉዳዩን ነገራት።

«ስድብ ልማር ነው የምትለኝ? በል፣ እኔን ፈንታ አድርገህ ስደበኝ።»

ዘመድኩን ላብ አጠመቀው። «እርስዎ… እርስዎ ባለጌ ነዎት። ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

«ኧረ በዚህ ዶሮም አይባረር!» አለች ሐረገወይን የቆሻሻውን ከረጢት እየወረወረች። «አንተ ልጅ፣ ይኼ ድምፅ እኮ ሰፈሩን ሁሉ ከእንቅልፉ ሲቀሰቅስ የኖረ ነው። ያኔ ማን ይናገርልህ ነበር?»

እውነቷን ነው። ዘመድኩን አባቱን ተክቶ ስድስት ዓመት የእድሩ ጡሩንባ ነፊ ነበር። ሰው ሲሞት ማለዳ ተነሥቶ፣ ጡሩንባውን ነፍቶ፣ የሟቹን ስምና የቀብሩን ሰዓት በየመንገዱ ይለፍፋል።

«ያ የእኔ ቃል አይደለም፣ እትዬ። የእድሩ ቃል ነው።»

«ታዲያ እንደ እድሩ ተናገራ!»

ይህን እንዳለች ከውስጥ «ያላ፣ ሐረግ!» የሚል የማዳም ድምፅ ተሰማ፤ በሩም ተዘጋ። እርሷ ድምፁን ማለቷ ነበር፤ እርሱ ግን ቃሉንም ጨምሮ ወሰደ።

ዓርብ ደረሰ። ፈንታ ሆስፒታሉን ጠርቶ፣ ተሳፋሪውን ጭኖ፣ ሂሳቡን ተቀብሎ ጨረሰ። ዘመድኩን ማይኩን ያዘ። ጡሩንባ ስላልነበረው እጁን በአፉ ዙሪያ ጠቅልሎ ሦስት ጊዜ በረጅሙ ነፋ፤ የመጋዘኑ ቆርቆሮ ተንቀጠቀጠ። ከዚያ ከደረቱ ጥልቅ ያ የማለዳ ድምፅ ወጣ።

«የእድራችን አባላት ሆይ! የተከበሩ ጋሼ ፈንታ ስላረፉ፣ ቀብራቸው ዛሬ በዘጠኝ ሰዓት ይፈጸማል። ሟች ሰው ወዳድ፣ ጨዋታ ዐዋቂ፣ ለተቸገረ ደራሽ ነበሩ። ድንኳን ተካዮች ቀድማችሁ ተገኙ። ያልተገኘ አባል በደንቡ መሠረት ይቀጣል! ነፍስ ይማር።»

አንዲት የስድብ ቃል አልወጣችውም፤ ሁሉም በክብር የተነገረ ነው። ፈንታ መልስ ሊሰጥ አፉን ከፈተ፤ ነገር ግን የእጁን የደም ሥር ትርታ ይዳስስ ጀመር። ሠላሳ ዓመት ያልተዘጋ አፍ ተዘጋ። ሀምዛ ከካሜራው ጀርባ ይዘል ነበር፤ ተመልካቹ እንዲጓጓም ትግሉን ለሚቀጥለው ዓርብ አሻገረው።

ችግሩ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። አንድ ተመልካች የዘመድኩንን ንግግር ብቻ ቆርጦ ላከ፤ የተላከለትም ለሌላ ላከ። ማታውን በዱባዩ ካራማ ሰፈር፣ ቤድ ስፔስ በሚሉት የጋራ መኝታ ክፍል ውስጥ ስምንት ሰዎች ቆመው ነፍስ ይማር አሉ። ጊዜው ወረርሽኝ ነውና ሞት ያልጠበቀ ሰው አልነበረም። ቅዳሜ ወሬው አገር ቤት ደረሰ፤ የፈንታ ሚስት የሺመቤት ደረቷን መታች፤ ድንኳንም ተተከለ። ፈንታ በቪዲዮ ደውሎ «አለሁ! ይኸው አለሁ!» ቢል ስልኩን የያዘው አማቹ ለማ አልተቀበለውም።

«ይኼ የድሮ ቪዲዮ ይሆናል» አለ ለማ ወደ ለቀስተኛው ዞሮ።

«ለማ! እኔ ነኝ፣ ፈንታ!»

«ፈንታማ ባለፈው ዓመት ሥራ አስኪያጅ ሆንኩ ብሎ ዋሽቶን ነበር። ያኛው የለፈፈው ሰው ግን ፊቱን ስታየው ውሸት አያውቅበትም።»

ፈንታ ስልኩን ዘግቶ ለመጀመሪያ ጊዜ ስለ ሕይወቱ አሰበ። ዕድሜውን ሙሉ ሲናገር ሰው ስቆለታል፤ ያመነው ግን አልነበረም።

እሑድ ጠዋት ሀምዛ የሥራ ውሉን አዘጋጅቶ ዘመድኩንን አስጠራው። «ፈርም፣ ወንድሜ! ፈቃዱ ያንተ ነው። ፈንታ ግን አንድ ወር እንደ ሞተ ይቆይ። ተመልካቹ እየጎረፈ ነው።»

ዘመድኩን ያነሣውን እስክሪብቶ መልሶ አስቀመጠ። «ሟች ሳይኖር ጡሩንባ ነፍቻለሁ። ይህን ሳላቃና አልፈርምም።»

«ካቃናህ ተመልካች ይሸሻል። ተመልካች ከሸሸ ፈቃዱም የለም።»

«እንግዲያው አውሮፕላኑ ይሻለኛል።»

ከጥግ የተቀመጠው ፈንታ በተሰበረ ድምፅ ጣልቃ ገባ። «ሀምዛ፣ ተወው። ዘመድኩን፣ በእናትህ አስነሣኝ። ሰዉ የሚያምነው አንተን ብቻ ነው።»

ሀምዛ «እንደ ፈለጋችሁ» ብሎ እጁን አወናጨፈ፤ ካሜራው ተከፈተ። ዘመድኩን ፈንታን አጠገቡ አቁሞ እንደ ገና ሦስት ጊዜ ነፋ።

«የእድራችን አባላት ሆይ! በዓርቡ ልፈፋ ስሕተት ፈጽሜአለሁ። ጋሼ ፈንታ በሕይወት አሉ። ዛሬ ጠዋት ፉል ሲበሉ በዓይኔ አይቻለሁ። የተተከለው ድንኳን ይነቀል። ላለቀሳችሁ ሁሉ ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ጥፋቱ የእኔ ነው።» ጥቂት አሰበና፣ ነገሩ እንዲሟላ ከልቡ ጨመረ፦ «ወደፊት በሚያርፉ ጊዜ ቀኑን በትክክል አስታውቃለሁ።»

ፈንታ አንድ እርምጃ ወደ ጎን ራቀ። የሀምዛ ስልክ መንጫጫት ጀመረ። የመጀመሪያው መልእክት ከአል ዋርቃ የመጣ ነበር፦ «ይኼ ነው ዛቻ! ሐረገወይን።» ሌላው ከደብረ ብርሃን፣ ሌላው ከሻርጃ፤ ሁሉም የሞተው ሰው የሚታገለው መቼ እንደሆነ ይጠይቃል። ሀምዛ ውሉን ከነእስክሪብቶው ይዞ እየሮጠ መጣ፤ ዘመድኩንም አሁን ያለ ጭንቀት ፈረመ።

በተከታዩ ዓርብ ሁለቱ በገመዱ መካከል ተፋጠጡ። ፈንታ ድምፁን ዝቅ አድርጎ አንሾካሾከ።

«አደራህን፣ ቀስ አድርገህ ጣለኝ።»

«አይስጉ፣ ጋሼ። አንገትዎን ደግፌ ነው የማስተኛዎት።»

«ለመሆኑ… እውነቱ የመጣ ቀን ትለፍፍልኛለህ? እንደዚያ አሳምረህ?»

«በደስታ፣ ጋሼ» አለ ዘመድኩን እጅ ነሥቶ።

ማይኩ ሳይዘጋ ቀርቶ ኖሮ፣ ይህን ሁሉ በየቪላው ያሉት እኅቶች ሰሙት፤ በዚያ ከሰዓት በኋላ በሳቃቸው ስንት ማዳም ከእንቅልፏ እንደነቃች የቆጠረ የለም።