የጓሮው በር

«እታለም፣ አንቺው አንብቢልኝ» አለች ፋኢዛ፣ ፖስታውን ለባሏ እህት ለመዲና እያቀበለች።

ፖስታውን ያመጣው ማመልከቻ ጸሐፊው እንየው ነው። ለሟቹ ለሀምዱ የተላከ ደብዳቤ እሱ ዘንድ ደርሶ ኖሮ፣ ከኮምቦልቻ ለለቅሶ ሲመጣ ይዞት መጣ። ሀምዱ ከተቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው። ሆጤ ሰፈር በተተከለው የለቅሶ ድንኳን ውስጥ ያለው ሰው ጆሮውን ቀሰረ።

መዲና መነጽሯን አድርጋ አነበበች። «ጉዳዩ በሁለት ግለሰቦች መካከል ያለ የግል ክርክር እንጂ የሕገ መንግሥት ትርጉም የሚያስፈልገው ሆኖ ስላልተገኘ ውድቅ ተደርጓል።»

«ምን ማለት ነው?» አለች ፋኢዛ።

«ሥልጣናችን አይደለም ነው የሚሉት» አለ እንየው አንገቱን ደፍቶ። «የጓሮ በር እዚያ አይደርስም ብዬ ጋሽ ሀምዱን ለምኛቸው ነበር፤ እንቢ አሉ።»

የሀምዱና የመዲና አባት ግቢውን ሲያካፍል የውሃ ጉድጓዱ ሀምዱ ድርሻ ላይ ዋለ። ለመዲናም መቅጃ እንዲሆናት በአጥሩ መሀል በር አወጣላት። ልጅ እያሉ ሀምዱ የእሷን እንስራ ሳይሞላ የራሱን አይሞላም ነበር። ምን ያደርጋል፣ ከአራት ዓመት በፊት ፍየሏ ገብታ የኮክ ችግኙን ብትጨርስበት በሩን ቸነከረው። እሷ ከሰሰች፣ እስከ ሰበርም ረታች። እሱ «ንብረቴ ተደፈረ» ብሎ ወደ ሕገ መንግሥት አጣሪ ጉባኤ አለ፤ ፍርዱም ታገደ። እልህ ምላጭ ያስውጣልና እሷም በእሷ ግቢ በኩል በሩ ላይ ድንጋይ ከመረችበት።

ጀናዛው ሊወጣ ሲል ኢማሙ ሰው ልከውባት ነበር። ሟች የሰው ሐቅ ተሸክሞ አፈር አይገባምና፣ «ሐቅሽን ይቅር፣ አውፍ በይው» አሏት።

«ፍርዱ ይምጣ» አለች።

ወንድሟን በዚህ ቃል ሸኘችው። ሦስት ቀን ሙሉ እህል ያልቀመሰችው በዚሁ ቃል ነው። ፍርዱ ይኸው መጣ፤ ለሐቁ ከእሷ ሌላ ዳኛ የለም።

«ረመዳን ላይ እኮ ምስማሩን ነቅሎት ነበር» አለች ፋኢዛ ቀስ ብላ። «ቢገፋው አልከፈት አለው። ‹በዚያ በኩል ዘግታዋለች፤ አልፈለገችኝም› ብሎ ተመለሰ። ከዚያ ወዲህ ደብዳቤውን ነው ሲጠብቅ የኖረው።»

መዲና ተነሳች። በመንገዱ ዞራ ወደ ግቢዋ ገባችና ከጓሮ ድንጋዩን ታነሳ ጀመር። ጎረቤት ሊያግዛት ቢመጣ በእጇ መለሰችው።

«አውፍ ብዬሃለሁ» አለች በመጀመሪያው ድንጋይ። በሁለተኛውም አለች። ክምሩ ሲያልቅ በሩ በራሱ ወደ እሷ ተከፈተ። ጉድጓዱ አፍ ላይ የሀምዱ ባልዲ ከነገመዱ ተቀምጧል።

«አንተስ ሀምዱዬ፣ አውፍ ትለኛለህ?»

የመጨረሻውን ድንጋይ የት እንደምታስቀምጠው ጠፍቷት እንዳቀፈችው ቆመች።