ልጅቱ የሠራችው ዝናብ

መነጽር ሠሪው ልጃቸው በሞተች በሰባተኛው ወር፣ ከሱቃቸው በላይ ወዳለው ኮምፒውተር መጠገኛ ወጡ።

«ልጄ የሠራችበትን ጨዋታ ማየት ፈልጌ ነበር» አሉ፣ ስሙ የተጻፈበትን ወረቀት ለጠጋኟ እያቀበሏት።

ጠጋኟ ፈልጋ ፈልጋ ራሷን ነቀነቀች። «ጋሼ፣ ይሄ ከሽያጭ ወጥቷል። ግን ሰዎች ቁልፉን ሰብረው የለቀቁት ኮፒ አለ። አሁኑኑ ላወርድልዎት እችላለሁ።»

«የተሰረቀ ነው?»

«እንግዲህ… ሁሉም የሚያደርገው ነው።»

«ይቅርብኝ። ጨዋታው በወጣ በሳምንቱ ተሰርቆ ሲበተንባቸው፣ ሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም። ከሞተች በኋላ እኔ ልድገምባት?»

ጠጋኟ ከዚያ ወዲያ የኮፒውን ነገር አላነሳችም። ሕጋዊ መደብሮቹን አንድ በአንድ አየች፤ የተገኘው ሁለተኛው ክፍል ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ ልጅቱ ከታመመች በኋላ ሌሎች የሠሩት። ጨዋታውን የሠራው ድርጅትም ፈርሷል። መብቱ በቀድሞዋ ሥራ አስኪያጅ እጅ መቅረቱን ስትደርስበት፣ ሽማግሌው ያሏትን ቃል በቃል ጽፋ ላከችላት።

መልሱ በሦስተኛው ሳምንት መጣ። ሥራ አስኪያጇ ማውረጃውን ከነፈቃዱ ልካ፣ ከሥሩ «ዝናቡን የሠራችው እሷ ናት፤ አንድ ዓመት ፈጅቶባታል» ብላ ጨምራለች።

ጨዋታው ውስጥ ግን ዝናብ በፈለጉት ሰዓት አይመጣም። መነጽር ሠሪው በየቀኑ በምሳ ሰዓት እየወጡ ከጠጋኟ ጎን ይቀመጣሉ፤ እሷ አንድ መንገደኛ በባዶ ጎዳና ታስኬዳለች። በአራተኛው ቀን ሰማዩ ጠቆረና ዝናቡ ጣለ። ቆርቆሮው ላይ ይንጣጣል፤ ቅጠሉ ላይ ድምፁ ይለዝባል፤ መስኮቱ ላይ ጠብታዎቹ እየተንቀረፈፉ ይወርዱና ሲገናኙ ይፈጥናሉ።

ሽማግሌው ወደ ስክሪኑ ተጠጉ።

«ና አባዬ፣ ላሳይህ ትለኝ ነበር» አሉ። «እኔ ደግሞ፣ ሥራ ላይ ነኝ፣ የልጅ ጨዋታሽን ሌላ ጊዜ እላታለሁ። ስንቴ እንዳልኳት አላውቀውም።»

ጠጋኟ እጇን ከቁልፎቹ አነሳች፤ መንገደኛው ዝናብ ውስጥ ቆሞ ቀረ።

«እንዳያባራ ማድረግ አይቻልም?»

«በራሱ ነው የሚያባራው፣ ጋሼ።»

እስኪያባራ አዩት። ከዚያ ግድግዳውን እየተደገፉ ደረጃውን ወረዱ። በማግስቱ አልመጡም። በሦስተኛው ቀን ግን መጥተው፣ መንገደኛውን ራሳቸው እንዲያስኬዱት የትኛው ቁልፍ እንደሚጫን እንድታሳያቸው ጠየቋት።