ለአንድ መስኮት ብቻ

ሐሙስ ንጋት አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሁለተኛዋ ጨረቃ ከሐኪም ቤቱ ጣሪያ ጀርባ ስትጠልቅ፣ ነጋሪዋ ጆሮዋን ከግንበኛው ደረት ላይ አንሥታ ቀና አለች። ውስጡ እርጥብ አሸዋ በወንፊት ሲነፋ የሚሰማ ዓይነት ድምፅ ነበረው። ጥፍሮቹን አየች፤ ጠቁረዋል። ብትጠራው ዐይኑን እንኳ አላንቀሳቀሰም። ሚስቱ ከአልጋው ግርጌ ተቀምጣ በሥራ ጫማው ላይ የደረቀውን ኖራ በጥፍሯ ትፍቃለች። ለምና ብታስቸግራት ኖሮ ለነጋሪዋ ይቀላት ነበር።

በግቢው መካከል የቆመው ዛፍ ከሐኪም ቤቱ በፊት የነበረ ነው፤ ግድግዳዎቹ ሥሩን ላለመንካት ተጠማዝዘው ተሠርተዋል። ዛፉ ያስባል፣ ይሰማል፣ ይናገራል፤ ማየት ግን አይችልም። ስለዚህ በየማለዳው ነጋሪዋ ወርዳ ግንባሯን ከግንዱ ታስነካና ከሁሉ የከፋበትን ሕመምተኛ ትነግረዋለች። ዛፉም አንድ ቅርንጫፉን ወደዚያ ሰው መስኮት ይዘረጋል፤ ቅጠሎቹ በሕመምተኛው አፍና አፍንጫ ላይ ተከድነው እስኪመሽ ይተነፍሱለታል። በቀን ለአንድ ሰው ብቻ፤ ከዚያ በላይ አቅም የለውም። ነጋሪ ትነግራለች እንጂ አትለምንም። በሐሰት የተዘረጋ ቅርንጫፍ ሲመሽ ይደርቃል፣ ዳግም አያቆጠቁጥም። በምሥራቅ በኩል፣ ከአንድ ባለጠጋ መስኮት ሥር ጠቁሮ የቀረው ቅርንጫፍ የቀድሞው ነጋሪ ሥራ ነው። እርሷ ይህን ሥራ ስትይዝ አንዲት ቅጠል እንኳ በሐሰት እንደማታደርቅ ለራሷ ምላ ነበር። ያኔ እናቷ ጤነኛ ነበረች።

ታላቅ ወንድሟ ፎቅ ላይ፣ ከእናታቸው ክፍል በር አጠገብ ጠበቃት።

«ሌሊቱን ሙሉ ያንን ሰውዬ ስታዳምጪ አደርሽ አሉ። ግንበኛው ምንሽ ነው? የአክስትሽ ልጅ ነው?»

«ከሁሉ የከፋበት እሱ ነው፣ ጋሼ።»

«ይክፋበት። ዛፉ እንደሆነ አያይ። አንቺ ያልሽውን ነው የሚያምነው።»

«ለዚህ እኮ ነው» አለች፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ።

እናቷ በትራስ ተደግፋ ተቀምጣለች። ከንፈሯ ገርጥቷል፤ ዐይኖቿ ግን እንደ ወትሮው ነገር ፍለጋ ይንከራተታሉ።

«መጣሽ፣ ጆሮ ጠቢዬ? ነይ አዳምጪኝ እንግዲህ።»

ነጋሪዋ ጎንበስ ብላ አዳመጠች። አየሩ በጠባብ መንገድ፣ በግፊያም ቢሆን ይገባል።

«ምን ይላል?»

«ያፏጫል፣ እማዬ።»

«ድሮም ማፏጨት እወድ ነበር» ብላ ሳቀች። ሳቁ ወደ ሳል ተለወጠ፤ ሳሉም በቀላሉ አልለቀቃትም። ሲያባራላት የልጇን አንጓ ጨብጣ ያዘች።

ነጋሪዋ ቀጥሎ የሚመጣውን የምታውቅ መስሏት ነበር። «እኔ ዕድሜዬን ጠግቤያለሁ፣ ሰውየውን አድኚ» የሚለውን ቃል ከእናቷ አፍ ለመስማት ሌሊቱን ስትዘጋጅ አድራለች፤ ሲነገራት የምታለቅሰውን ልቅሶ ሳይቀር አስባበታለች።

«ለኔ ንገሪልኝ» አለች እናቷ። «ፈርቻለሁ። ነገን የማይ አይመስለኝም።»

ልጅቱ የጨበጣትን እጅ ሳመችና፣ ጣቶቹን አንድ በአንድ አላቅቃ ወጣች።

ግቢው ቀዝቃዛ ነበር። ጫማዋን አውልቃ ከሥሮቹ መካከል ቆመች፣ ግንባሯንም ከቅርፊቱ አስነካች።

«ማን ነው?» አለ ዛፉ። ድምፁ በጆሮ የሚሰማ አይደለም፤ ከግንዱ ወደ ግንባር፣ ከግንባር ወደ መንጋጋ አጥንት ይወርዳል።

አፏን ከፈተች። የእናቷ መስኮት ከአናቷ በላይ ነበር። አንድ ቃል ይበቃል። ቅርንጫፉ የሚደርቀው ሲመሽ ነው፤ እስከዚያ እናቷ ትተነፍሳለች። ግንበኛውም የተወሰደበትን አያውቅም። ይህ የመጨረሻው ሐሳብ፣ እንዲያ በቀላሉ በመምጣቱ፣ አስደነገጣት።

«ግንበኛው ነው» አለች። «በምዕራብ በኩል፣ የታችኛው መስኮት። ጥፍሩ ጠቁሯል። ሲጠሩት አይሰማም።»

ቅርፊቱ ከግንባሯ ሥር ሞቀ።

«ድምፅሽ ተሰብሯል። ያንቺ ሰው ነው?»

«አይደለም።»

ይህም እውነት ነበር። ዛፉ ከዚህ ወዲያ ምን ብሎ እንደሚጠይቅ አላወቀም። እርሷም ያልተጠየቀችውን ብትናገር ልመና እንዳይሆንባት ከንፈሯን ነከሰች። ከበላይዋ እንጨት ሲጥ ሲጥ አለ፤ አንድ ቅርንጫፍ ከእንቅልፉ እንደነቃ ሰው ተንጠራርቶ የግድግዳውን ልስን እየዳበሰ ወደ ምዕራብ መንገድ ጀመረ። መንገዱ በእናቷ መስኮት ሥር ነበር።

ወንድሟ ደረጃው ላይ ሁሉን አይቷል። ልብሷ እንዳይነካው ይመስል ወደ ግድግዳው ተጠግቶ አሳለፋት።

«እኔ አብሬሽ አልገባም» አለ። «ነጋሪዋ አንቺ ነሽ።»

ስትገባ እናቷ ጸጉሯን በእጇ አበጃጅታ፣ የሌሊት ልብሷን አንገት ሰብስባ፣ እንግዳ እንደምትቀበል ሴት ፊቷን ወደ መስኮቱ መልሳ ነበር። ከውጭ የቅጠል ኮሽታ ይሰማል።

«ሰማሽው? መጣልኝ። ተባረኪ፣ የኔ ልጅ። በይ መስኮቱን ክፈቺልኝ።»

ነጋሪዋ ወደ መስኮቱ ሄዳ እጇን መቀርቀሪያው ላይ አሳረፈች። የቅጠሎቹ ጥላ ከመጋረጃው ግርጌ ብቅ አለ፤ ቀስ እያለም ያልፍ ጀመር።

«ልጄ፣ ክፈቺልኝ እንጂ።»